ቅሬታ አቅራቢዋ አመስግነዋል

እናቱ ከማለዳ ጀምሮ ጠርሙስ ስትሞላ አገኛት። የዕቃ ማጠቢያው ጠርዝ ላይ፣ ምድጃው ጎን፣ ወለሉ ላይ፣ ቤት ውስጥ ባዶ የነበረ ነገር ሁሉ ውሃ ተሞልቶ ተሰልፏል፤ የዘይት ጠርሙስ፣ የለስላሳ ጠርሙስ፣ የልብስ ሳሙና የነበረበት ባለ እጀታ ፕላስቲክ፣ ሚስቱ ለኮምጣጤ ብላ ያጠበችው ሳይቀር። ቧንቧውን ከፍ አድርጋ አልከፈተችውም። የተኛ ሰው እንዳይነቃ ብላ እንደ ክር አቅጥናዋለች፤ አንዱ እስኪሞላ የሌላውን ክዳን በነጠላዋ ጫፍ ታብሳለች። ሥራዬ ብላ ይዛው ስለነበር ልጇ ፎጣውን ትከሻው ላይ ጥሎ በሩ ላይ መቆሙን አላየችም። ቆጠራቸው። አሥራ አራት ናቸው።

ከመጣች ሦስተኛ ቀኗ ነበር፤ በዚያው ቀን ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ በሚነሣው አውቶቡስ ትመለሳለች። ስትመጣ ‹‹ዓይናችሁን ልየው ብዬ ነው›› ነው ያለችው። ቤቱ አራተኛ ፎቅ ላይ ያለ ባለ ሁለት ክፍል ነው፤ እሷ ሳሎኑ ሶፋ ላይ ትተኛለች፣ ጠዋት ብርድ ልብሱን አራት ማዕዘን አድርጋ አጥፋ እግሯን ሰብስባ ትቀመጣለች፣ ቦታ እንዳትይዝ። በነዚህ ሦስት ቀናት ያስቸገረችው ነገር ቢኖር ውሃ ብቻ ነው። ጠዋት ትታጠባለች፣ ማታ ትታጠባለች፤ ቧንቧው ሥር ቆማ በብርጭቆ ላይ ብርጭቆ ትጠጣና ‹‹ውሃችሁ ሲጣፍጥ!›› ትላለች። የልጇ ሚስት ነገሩ አላምር ብሏት ‹‹እማማ ስኳር ይኖርባቸው ይሆን እንዴ? ውሃ አበዙ›› ብላ ለባሏ በጆሮው ነግራዋለች። እሱም በሚቀጥለው ስትመጣ አስመረምራታለሁ ብሎ ተስፋ ሰጥቷል። በሚቀጥለው የሚባል ቀን መቼም ለልጆች ምቹ ነው።

‹‹እማዬ፣ ይኼ ሁሉ ምንድን ነው?››

‹‹ለመንገድ ነው ልጄ።››

‹‹የስምንት ሰዓት መንገድ እኮ ነው፤ በረሃ ልታቋርጪ ነው?›› አለና በራሱ ቀልድ ሳቀ። ‹‹ሰው ምን ይላል? ከተማ ልጇ ዘንድ ሄዳ ውሃ ተሸክማ መጣች አይሉም? ጉድጓድሽ ደረቀ እንዴ?››

‹‹ኧረ አልደረቀም።››

እውነቷን ነበር፣ አልደረቀም። የሆነ ነገር ልትጨምር አፏን ከፍታ፣ ሆድ ይፍጀው እንዳለ ሰው መልሳ ገጠመችው። ከመኝታ ቤት የሚስቱ ድምፅ መጣ፤ ‹‹የኮምጣጤ ጠርሙሴን ያየ ሰው አለ?›› ሰዓቱም እየሄደ ነበር። ስለዚህ እጅጌውን ሰብስቦ ጠርሙሶቹን አንድ በአንድ እያነሣ ዕቃ ማጠቢያው ውስጥ ደፋቸው። ‹‹ሁለቱ ይበቃሻል። ወገብሽ ነው የሚጎዳው›› እያለ፣ ለእሷ ማሰቡ እንደሆነ ራሱንም እያሳመነ፣ አሥራ ሁለቱን ደፋ። ውሃው እየተንዶቀዶቀ ሲወርድ እናቱ ዓይኗን ከማጠቢያው አልነቀለችም። ክዳኖቹን በመዳፏ ይዛቸው ነበር። ሲጨርስ ጠረጴዛው ላይ ደርድራ አስቀመጠችለትና ‹‹ሂድ በል፣ ሥራ ይረፍድብሃል›› አለችው።

መሥሪያ ቤቱ ባለ መስታወት ሕንፃ ነው። መግቢያው ላይ ግድግዳ የሚያህል ፎቶ ተሰቅሏል፤ አረንጓዴ ሜዳ፣ ከሜዳው ላይ እንደ መርፌ የቆሙ የብረት ማማዎች፣ ከማማዎቹ ሥር የራስ ቁር ያደረገች ሴት እየሳቀች። ኩባንያው ጋዝ ያወጣል። ጋዙ እንደ ምንጭ ፈልቆ የሚገኝ ሳይሆን መሬት ውስጥ ሦስት ኪሎ ሜትር ያህል ወርዶ ባለ ንብርብር አለት ውስጥ የተደበቀ ነው፤ እሱን ለማስለቀቅ ውሃ፣ አሸዋና ኬሚካል ተደባልቆ በኃይል ይገፋና አለቱ ይሰነጠቃል። ማውጫው የተዘረጋው ቁልፍ ተወልዶ ባደገበት ወረዳ ላይ ነው። ቁልፍ ያልኩት ልጁን ነው። ስሙ አይደለም፣ የሥራ ባልደረቦቹ ያወጡለት ነው፤ የተከፈተን ነገር ሁሉ ስለሚቆልፍ። እናቱ ይህን ስም አታውቅም። የምታውቀው ልጇ ጋዝ መሥሪያ ቤት ትልቅ ሰው መሆኑን ነው። ትልቁ ሰው የሚሠራው ሰባተኛ ፎቅ ላይ፣ መስኮት በሌለው አዳራሽ ውስጥ፣ ሠላሳ ሰው ጆሮው ላይ ማዳመጫ አድርጎ ‹‹የቅሬታ መስመር ነው፣ ምን ልርዳዎት›› በሚልበት ክፍል ነው። የአሥር ሰዎች ቡድን መሪ ነው። ትልቅነቱ ይኸው ነው።

ቁልፍ የተባለበት ነገር እንዲህ ነው። ከሁለት ዓመት በፊት የማውጫው አካባቢ ሰው ቅሬታ በዝቶ፣ ያልተዘጋው ተቆልሎ፣ አለቆች እንቅልፍ አጥተው ነበር። ማንም መላ አልነበረውም። እሱ ግን አንድ ነገር አስተዋለ፤ ያስተዋለውም ከመጽሐፍ ሳይሆን ከቤቱ፣ ከእናቱ ጓዳ ነው። የዚያ አገር ሰው ሳያመሰግን ስልክ አይዘጋም። ግድግዳው እየተሰነጠቀ፣ ከብቱ እየሞተ ቢደውል እንኳ ሲጨርስ ‹‹እግዜር ይስጥልኝ›› ይላል፣ ይመርቃል፤ አለማመስገን ነውር ነው። ታዲያ ቁልፍ ግማሽ ገጽ ሐሳብ ጽፎ አስገባ። አንድ ቅሬታ አቅራቢ በመጨረሻ ካመሰገነ ወይም ከመረቀ ረክቷል ማለት ነው፤ የረካ ሰው ቅሬታ ይዘጋል። ሰውየው ማመስገን ቢዘነጋስ? ለዚያም መላ ነበረው። ሠራተኛው የቅሬታ ቁጥሩን ከነገረ በኋላ አምስት ሰከንድ ዝም ይበል። የኛ ሰው ዝምታ አይችልም፣ በምርቃት ይሞላዋል። በሦስት ወር ውስጥ የክፍት ቅሬታ ብዛት ከመቶ ሰማንያ ወደ ዘጠኝ ወረደ። ተጨበጨበለት፣ የኩባንያው ዓርማ ያለበት ትልቅ የግድግዳ ሰዓት ተሸለመ። ሰዓቱን ለእናቱ ላከላት፤ እሷም ከበሩ ትይዩ ሰቅላ ጎረቤት ጠርታ አሳየች።

የዚያን ዕለት ጠዋት የአዲስ ሠራተኞች ሥልጠና ነበር። አሥራ አንድ ወጣቶች ክብ ሠርተው ተቀምጠዋል፤ ኃላፊው፣ ጥሩ ልብስና ጥሩ ጥርስ ያለው ወጣት፣ ቁልፍን ከፊት አስቀምጦታል፣ የደንቡ አባት ነው ተብሎ እንዲታይ። ኃላፊው ‹‹አሁን አንድ ቆንጆ ጥሪ አሰማችኋለሁ። አዘጋጉን ልብ በሉ፣ እንደ መማሪያ ነው የያዝነው›› አለና ቅጂውን ከፈተው።

‹‹ሃሎ፣ እንደምን አደራችሁ ልጆቼ፣ ሁላችሁም ደህና ናችሁ?›› አለች የአንዲት አሮጊት ድምፅ።

ሠላሳ ሰው በሚሠራበት ቢሮ ስልክ ደውሎ ሁሉንም ደህና ናችሁ የሚል ሰው ያስቃል፤ ወጣቶቹ ሳቁ። ቁልፍም እንደ ልማዱ ፈገግ አለ። ፈገግታው ፊቱ ላይ እንዳለ ጆሮው ድምፁን ለየው። ትንፋሿን ለየው፤ ከቃል በፊት ‹‹እእ›› የምትለውን፣ ስልክ ስትይዝ ከዚያኛው ወገን ያለው ሰው ደንቆሮ ይመስል የምትጮኸውን።

‹‹እኔ እንኳ ላስቸግራችሁ ብዬ አይደለም። ውሃችን ሸተተ፣ የጉድጓዱ። ሻይ ሳፈላበት ላዩ ላይ ቅባት ያወጣል፤ ነጭ ልብስ ሳጥብበት ዝገት የነካው ይመስላል። ደግሞም ያ መኪናችሁ መሬት ውስጥ ሲገፋ ቤቱ ይንቀጠቀጣል። ልጄ የላከልኝ ሰዓት ከግድግዳ ወደቀብኝ፣ የእናንተው ማኅተም ያለበት ሰዓት። መስታወቱ ነው የተሰበረው እንጂ ይሠራል፣ ተመስገን። ልጄ እናንተ ዘንድ ትልቅ ሰው ነው። ስሙን አልናገርም። እንዳትነግሩት አደራ፣ እናቴ መሥሪያ ቤቴን ከሰሰች ብሎ እንዳያፍር። እንዲያው በእጃችሁ ካለ መላ ብትሉኝ ነው።››

ኃላፊው ቅጂውን አቆመው። ጥርሱ በሙሉ ታየ። ‹‹ትልቅ ሰው! የኛ ሰዓት! ማን ይሆን ይኼ ትልቅ ሰው? ከመካከላችን አለ?›› አለና ዙሪያውን ቃኘ። ወጣቶቹም እየሳቁ እርስ በርስ ተያዩ። ያን ጊዜ ቁልፍ ሁሉም የሚያየው እሱን መሰለው። ዝም ቢል ኖሮ ማንም ባላወቀ ነበር። ግን ፍርሃት አፉን ቀደመው፤ አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም እንዲሉ፣ ‹‹ለእናቱማ ዘበኛውም ሥራ አስኪያጅ ነው›› አለ። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ኃላፊው ጠረጴዛ መታ። ከሁሉም በላይ የሳቀው ግን ራሱ ቁልፍ ነበር፤ እንባው እስኪመጣ ሳቀ፣ እንባውንም በሳቅ አሳበበ።

ቅጂው ቀጠለ። ስልኩን ያነሣው፣ አሁን የለቀቀ ልጅ፣ ቁጥሩን ነገራትና ዝም አለ። ኃላፊው ጣቱን እያነሣ ለሠልጣኞቹ ቆጠረ፣ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። አራት ላይ ድምፁ መጣ። ‹‹እግዜር ይስጥልኝ ልጄ፣ ዕድሜና ጤና ይስጥህ፣ ያሳደገችህ እናት አትፈርብህ።››

‹‹ተዘጋ!›› አለ ኃላፊው፣ ጣቱን አጮኸ። ተጨበጨበ።

ጭብጨባው ሲያልቅ ከወደ ኋላ አንዲት ሠልጣኝ፣ መነጽር ያደረገች ቀጭን ልጅ፣ እጇን አወጣች። ‹‹ውሃውስ?›› አለች።

‹‹ውሃው ምን?››

‹‹ተስተካከለላቸው ወይ?››

‹‹እሱ የሌላ ክፍል ሥራ ነው›› አላት ኃላፊው፣ ቆጣ ሳይል፣ እንደ መምህር። ልጅቷ ማስታወሻዋ ላይ ጻፈችው።

ቁልፍ መጸዳጃ ቤት ገብቶ በሩን ዘጋ። ፊቱን ሊታጠብ ቧንቧውን ከፈተና ውሃው እጁ ላይ ሲወርድ አሥራ ሁለቱ ጠርሙሶች ትዝ አሉት። አሥራ ሁለቱንም በእጁ ደፍቷቸዋል። እሷ ክዳኑን ይዛ ቆማ እያየች። በሕይወቱ ብዙ ጊዜ አፍሮ ያውቃል፤ ጫማው ተቀድዶ ትምህርት ቤት ሲሄድ፣ የመጀመሪያ ደመወዙን ጠጥቶት ቤት ሲገባ። ያ ሁሉ ሰው አየኝ የሚል ሐፍረት ነበር። ይኼኛው ማንም አላየውም፤ እሱ ብቻውን ነው ያየው፤ ለዚህም ነው መሸሻ ያጣው። መስታወቱን ቀና ብሎ አላየም። እጁን ሳያደርቅ ወጣ።

ወንበሩ ላይ ተቀምጦ የእናቱን ስልክ ቁጥር ኮምፒውተሩ ላይ ጻፈ። መዝገቡ ወጣ። ከተከፈተ አርባ አንድ ቀኑ ነው፤ በስድስት ደቂቃ ውስጥ ተዘግቷል። ምክንያት በሚለው ቦታ እሱ ራሱ ባወጣው ቃል ‹‹ቅሬታ አቅራቢዋ አመስግነዋል›› ይላል። ይኼ ብቻ ቢሆን ሐፍረቱን ይዞ በኖረ ነበር። ግን በዚያው ሳምንት አዲስ ነገር መጥቷል፤ ኩባንያው ውሃቸው ለተበላሸ ቤቶች በቦቴ ንጹሕ ውሃ ሊያደርስ ነው፣ ለስድስት ወር። የሚደርሳቸው ክፍት ቅሬታ ያላቸው ቤቶች ብቻ ናቸው። ዝርዝሩ የሚላከው በዚያው ቀን አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ነው፤ ከዚያ በኋላ ለሚመጣ ቦታ የለም። የተዘጋን ቅሬታ መልሶ የሚከፍተው የኃላፊው ፈቃድ ነው፤ ወይ አመልካቿ ራሷ በስልኳ ደውላ እንደገና ማመልከት አለባት።

የኃላፊው ክፍል በር ክፍት ነበር። ከወንበሩ ተነሥቶ እስከዚያ ድረስ ያለው ሃያ እርምጃ ነው፤ በያንዳንዱ እርምጃ የሚናገረውን አስተካከለ። ያቺ ሴትዮ እናቴ ናት። የጠዋቷ፣ የሳቅንባት፣ እናቴ ናት።

‹‹ቁልፍ! ግባ፣ ግባ። ዛሬ አሪፍ ነበርክ›› አለ ኃላፊው። ‹‹ያቺ የዘበኛው ነገር! ለባለቤቴ ደውዬ ነገርኳት።››

‹‹እእ›› አለ ቁልፍ፣ ልክ እንደ እናቱ። ከዚያ ‹‹ትንሽ ቀደም ብዬ ልወጣ ነበር። እናቴን ላሳፍራት ብዬ፣ አገር ቤት ልትሄድ ነው።››

‹‹ምን ያስፈቅድሃል፣ እናት አይደለች እንዴ? ሂድ እንጂ። ሰላም በልልኝ።››

‹‹እሺ፣ አመሰግናለሁ›› አለ። አመስግኖም በሩን ዘጋ።

ቤት ሲደርስ እናቱ ሶፋው ጫፍ ላይ፣ ሻንጣዋን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ተቀምጣ ነበር። ሁለቱን ጠርሙሶች እንደ እንቁላል በጨርቅ ጠቅልላቸዋለች። ሚስቱ ሥራ ሄዳለች። ጠረጴዛው ላይ የነበሩት ክዳኖች ተነሥተው መደርደሪያው ላይ በኮምጣጤው ጠርሙስ ጎን በሥነ ሥርዓት ተቀምጠዋል። ሻንጣውን ተቀብሏት አራቱን ፎቅ ወረዱ፤ ታክሲው ውስጥ ተጎራብተው ተቀምጠው፣ እሷ የሕንፃውን ብዛት ታደንቃለች፣ እሱ እህ ይላል። ሊነግራት ፈልጎ ነበር። ከዚህ መብራት በኋላ፣ ከዚያ አደባባይ በኋላ እያለ አውቶቡስ ተራ ደረሱ።

አውቶቡስ ተራው የጎማና የጭስ ሽታ ያፍናል፤ የመንገድ ስም የሚጠሩ ሰዎች ጩኸት፣ በሻንጣ ላይ የተኙ ሰዎች፣ ሰዓት የሚሸጥ፣ ካልሲ የሚሸጥ። በሩ አጠገብ ካለችው ሱቅ ሁለት እሽግ ውሃ ገዛ፣ ሃያ አራት ጠርሙስ። እዚያ ውሃው ከሌላ ቦታ እጥፍ ነው፤ ሌላ ቀን ቢሆን ይጨቃጨቅ ነበር፤ ዛሬ የተጠየቀውን ከፈለ። እናቱ እሽጉን አየች፣ እሱን አየች። አንዴ ብቻ ነው ያየችው። እናት ናት፤ በቃት።

‹‹ማን ነገረህ?››

‹‹ማንም አልነገረኝም። ሰማሁት። ሥራ ቦታ።››

‹‹አደራ ብያቸው ነበር እኮ›› አለች፣ እጇን ጉንጯ ላይ አድርጋ። ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ‹‹አሳፈርኩህ?›› አለችው።

አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ። ሰዓቱ ዘጠኝ ሆኗል። ዓይኑን ጫማው ላይ ተክሎ የሚደረገውን ነገራት፤ ዝርዝር እየወጣ መሆኑን፣ ቦቴ ውሃ እንደሚመጣ፣ አሁኑኑ እዚሁ ተቀምጣ በስልኳ ደውላ እንደገና ማመልከት እንዳለባት። እሷም ‹‹ነግሬያቸው የለም ወይ? ጽፈውታል፤ ቁጥርም ሰጥተውኛል፣ ይኸው›› ብላ ከመቀነቷ በአራት የታጠፈ ወረቀት አወጣች። ቁጥሩ በጎረቤት ልጅ እጅ ተጽፎበታል።

‹‹ተዘግቷል እማዬ።››

‹‹ሳይመጡ?››

‹‹አመሰግናለሁ ስላልሽ። አሁን ስትደውዪ ስትጨርሺ እንዳታመሰግኚ። እንዳትመርቂም። ያነሣው ሰው ዝም ሲል አንቺም ዝም ብለሽ ዝጊው። ካመሰገንሽ ረክታለች ብለው ይዘጉታል።››

እናቱ ይህን ለመረዳት ጊዜ ወሰደባት፤ የከበዳት ቃሉ ሳይሆን ነገሩ ነው። ‹‹ሰው መልስ ሰጥቶኝ፣ ሳልመርቀው? ምን ዓይነት ሰው ነኝ?›› አለች። ቀጥላም ‹‹ማን ነው ይኼን ያወጣው?››

‹‹መሥሪያ ቤቱ።››

‹‹መሥሪያ ቤት እኮ ግድግዳ ነው ልጄ፤ ሰው ነው እንጂ የሚያወጣው›› አለች። እሱ በእሷው ስልክ ቁጥሩን ደውሎ አቀበላት፤ ድምፁን ከፍ አድርጎ።

ያነሣችው ‹‹ውሃውስ?›› ያለችው ሠልጣኝ ነበረች። የመጀመሪያ ቀኗ ስለሆነ ወረቀት እያነበበች ትናገራለች፤ ቁልፍ የጻፈውን ወረቀት። እናቱም ከሰላምታው ጀመረች፣ የሁሉንም ደህንነት ጠየቀች፣ ከዚያ ስለ ውሃው፣ ስለ ቅባቱ፣ ስለ ልብሱ፣ ስለ ግድግዳው ተናገረች። ስለ ሰዓቱ አላነሣችም። ልጇን እያየች ዘለለችው። ልጅቷ በጥሞና ሰማቻት፤ መሃል ላይ ከወረቀቱ ወጥታ ‹‹ውይ፣ እናቴ፣ ታዲያ የሚጠጣ ውሃ ከየት ነው የሚያገኙት?›› ስትላት እናቱ በጎረቤት በኩል ከወንዙ ማዶ እንደሚመጣላት ነገረቻት። ልጇ ይህን አያውቅም ነበር። በየሳምንቱ ይደውልላታል፣ ‹‹ሁሉ ሰላም?›› ይላታል፣ ‹‹ሁሉ ሰላም›› ትለዋለች፣ ይዘጋሉ።

‹‹ቅሬታዎ ተመዝግቧል እናቴ›› አለች ልጅቷ፤ ቁጥሩን ቀስ ብላ ሁለት ጊዜ ነገረቻት። ከዚያም እንደ ተማረችው ዝም አለች።

አንድ። እናቱ ስልኩን በሁለት እጇ ያዘችው። ሁለት። ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። ዕድሜዋን ሙሉ በዚያ ቦታ ላይ የምትለው ነገር ጥርሷ ድረስ መጥቶ ቆሟል። ሦስት። ልጇን ቀና ብላ አየችው፣ ልጅ ሳለ እንደሚያያት፣ ይፈቀድልኝ እንደ ማለት። ራሱን ግራና ቀኝ ነቀነቀ። አራት። ከስልኩ የልጅቷ ትንፋሽ ይሰማል። እናቱ ዓይኗን ጨፈነችና አምስት ሳይሞላ ቀዩን ምልክት ነካችው።

‹‹እንደ ሌባ ዘጋሁባት›› አለች። ‹‹የሰው ልጅ አጥንቷ ድረስ አዝናልኝ፣ እኔ እንደ ሌባ ዘጋሁባት።›› ስልኩን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው፣ አወጣችው፣ መልሳ ከተተችው። ቁልፍ ሰዓቱን አየ፤ ገና ዘጠኝ ከሩብ አልሆነም። ቅሬታው ክፍት ነው። ዝርዝሩ ላይ ይገባል። ደስ ሊለው ይገባ ነበር።

የአውቶቡሱ ረዳት ሻንጣ ወደ ጣሪያ መወርወር ጀመረ። እናቱ ጠርሙሶቿን በጨርቃቸው እንደ ጠቀለለች ከእሽጉ ላይ ስታስቀምጥ፣ ጀርባዋን ሰጥታው፣ እንደ ዋዛ ጠየቀችው።

‹‹ያ ሰዓት። አንድ ሐሳብ አፍልቄ ሸለሙኝ ያልከኝ። ሐሳቡ ምን ነበር?››

ሊዋሽ ይችል ነበር። ሌላ ሐሳብ መፍጠር ይቀልላል፤ እሷም ታምነዋለች፣ ወይም ያመነች ትመስላለች። ግን ጠዋት የሳቀው ሳቅ ገና ደረቱ ላይ ነበርና ተጨማሪ መሸከም አልቻለም። ‹‹ይኼው ነው›› አላት። ‹‹የምርቃቱ። ዝምታውንም እኔ ነኝ ያወጣሁት።›› ከዚያም ማንም ሳይጠይቀው፣ ‹‹ዛሬ ድምፅሽን ሲያሰሙን ሳቁ፤ እኔም ሳቅኩ›› አለ።

እናቱ ዞራ አላየችውም። ጨርቁን ፈታች፣ መልሳ ጠቀለለች፣ ቋጠሮውን ጠበቅ አደረገች። ‹‹ያን ሰዓት ከወደቀ በኋላ መልሼ ሰቅዬዋለሁ›› ብቻ አለች። ‹‹መስታወት ባይኖረውም።››

አውቶቡሱ ሞተሩን አስነሣ። ደግፎ አሳፈራት፣ እሽጉን ከእግሯ ሥር አደረገላት፣ ወርዶ በመስኮቷ በኩል ዞረ። ከልጅነቱ ጀምሮ ከዚያች ሴት ሳይመረቅ ተለይቶ አያውቅም፤ ትምህርት ቤት ሲሄድ፣ ከተማ ሲገባ፣ ሥራ ሲይዝ። በመስኮት በኩል እጇን አውጥታ ራሱ ላይ ታደርጋለች፣ እሱ አሜን ይላል፣ ከዚያ መኪናው ይሄዳል። አሁንም እንደ ወትሮው ቀርቦ አንገቱን ደፋ። የአስፋልቱን የዘይት ነጠብጣብ እያየ ጠበቀ።

እጇ መጣ። ራሱ ላይ አረፈ፤ ሞቅ ያለ፣ ሻካራ፣ የሚያውቀው እጅ። ቃሉ ግን አልመጣም።

‹‹እማዬ?›› አለ፣ ቀና ሳይል።

‹‹ልመርቅህና ረክታለች ይበሉ?›› አለችው። ድምፅዋ ውስጥ ቁጣ አልነበረም፤ ቢኖር በቀለለው። ‹‹አይ ልጄ። ዛሬስ ያንተም ክፍት ይቆይ።››

እጇን ከራሱ ላይ አነሣች። ረዳቱ የአውቶቡሱን ጎን ሁለት ጊዜ መታ፤ አውቶቡሱ ተንቀሳቀሰ፣ ከበሩ ወጥቶ ታጠፈ። ካልሲ የሚሸጠው ሰውዬ መጥቶ ሦስት ጥንድ በአንድ ዋጋ ነው ሲለው፣ ቁልፍ ገና እንዳቀረቀረ ነበር።